ከጃንተከል እስከ ቁስቋም፦ የጎንደርን የነገሥታት ግቢ ከአስጎብኚ ጋር በእግር እንዴት እንጎብኝ?

ለሠርግ፣ ለጥምቀት ወይም ለሥራ ጎንደር የሚመጣ አበሻ ብዙ ጊዜ ፋሲል ግቢ የሚገባው ለፎቶ ነው። ትኬት ይቆርጣል፣ ትልቁ ግንብ ፊት ይቆማል፣ ሁለት ሦስት ፎቶ ተነስቶ ይወጣል። አስጎብኚ ሲቀርበው ደግሞ "አይ ወንድሜ፣ እኛ የአገሩ ሰዎች ነን" ብሎ ያልፈዋል። አስጎብኚ የፈረንጅ ጉዳይ ነው የሚል ስሜት ውስጣችን አለ።

እኔ በዚህ አልስማማም። አስጎብኚ ከማንም በላይ የሚያስፈልገው ለእኛ ነው። ፈረንጁ አንብቦ ተዘጋጅቶ ይመጣል። እኛ ግን የፋሲልን ስም ከልጅነታችን ጀምሮ ስለሰማን የምናውቀው ይመስለናል። ግቢው ውስጥ የአንድ ንጉሥ ሳይሆን የብዙ ነገሥታት ሥራ አለ። አባት ሠርቷል፣ ልጅ ጨምሯል፣ የልጅ ልጅ ደግሞ ከጎኑ ሌላ አቁሟል። የትኛው የማን እንደሆነ፣ ማን ማንን እንደተካ፣ ማን በማን እጅ እንደሞተ የሚነግራችሁ ሰው ከሌለ የምታዩት ድንጋይ ብቻ ነው። ይህ ቦታ ደግሞ የሰዎች መታሰቢያ ነው። የነገሡበት፣ የጸለዩበት፣ የተገደሉበት፣ ልጃቸውን ያለቀሱበት ቦታ ነው።

ከዚህ በታች ያለው የአንድ ሙሉ ቀን ጉዞ ነው። ጠዋት ግቢው፣ ከሰዓት በኋላ የፋሲል መዋኛ፣ በመጨረሻ የቁስቋም ቤተ ክርስቲያን። ጊዜ የሌለው የጠዋቱን ብቻ ወስዶ ሌላውን ለሌላ ቀን ማቆየት ይችላል። የምጠቅሳቸው ዓመቶች በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

መጀመሪያ፦ ቀኑን መምረጥ

ከጥቅምት እስከ መጋቢት ያለው ጊዜ ለእግር ጉዞ ይመቻል። ክረምት ላይ የግቢው ድንጋይና ደረጃ ያንሸራትታል፣ ዝናቡም ብዙውን ጊዜ ከሰዓት በኋላ ይመጣል። በክረምት የምትመጡ ከሆነ ሁሉንም ነገር ወደ ጠዋት ሳቡት። መስከረም ላይ ግን ሣሩ ለምልሞ፣ አደይ አበባው ፈክቶ ግቢው ሌላ መልክ ይይዛል። ጭቃውን የማይፈራ ሰው መስከረምን ይምረጥ።

ጥምቀትን ለማየት የምትመጡ ሰዎች አንድ ነገር ልብ በሉ። ጥር 10 እና 11 ከተማው በሰው ይሞላል። በእነዚያ ቀናት ግቢውን ረጋ ብሎ ማየት አይቻልም፤ አስጎብኚዎቹም እረፍት የላቸውም። ሁለት ቀን ቀድማችሁ ድረሱና ግቢውን ያኔ ጨርሱ። ቅዳሜና እሑድ፣ በተለይ በሠርግ ወቅት፣ ሙሽሮችና ሚዜዎች ለፎቶ ይመጣሉ። ደስ ይላል፣ ግን አስጎብኚው የሚለውን ለመስማት አይመችም። ማክሰኞ ወይም ረቡዕ ጠዋት ይሻላል።

የመንገዱንና የከተማውን ሁኔታ ደግሞ ከመነሳታችሁ በፊት እዚህ ያለ ዘመድ ወይም ያረፋችሁበትን ሆቴል ጠይቁ። የሰዓት እላፊ ካለ፣ ባጃጅ በስንት ሰዓት እንደሚያቆም ማወቅ አለባችሁ። የቀኑ ፕሮግራም የሚወሰነው በዚያ ነው።

ሁለተኛ፦ አስጎብኚ መምረጥና መስማማት

የቀኑን ጣዕም የሚወስነው ይኸኛው ነው። ስለዚህ አትቸኩሉ።

ትኬት የሚቆረጠው መግቢያው ላይ ነው። አስጎብኚዎችም የሚገኙት እዚያው አካባቢ ነው። የትኬቱ ዋጋና የአስጎብኚው ክፍያ የተለያዩ ናቸው፤ አንዱን ከሌላው ጋር አታቀላቅሉ። ትኬቱ ለኢትዮጵያዊና ለውጭ ዜጋ እኩል ስላልሆነ መታወቂያ ያዙ። ተማሪ ከሆናችሁም የተማሪ መታወቂያችሁን ከማሳየት ወደኋላ አትበሉ። ትኬቱን ስትቆርጡ "ለመዋኛውም ያገለግላል?" ብላችሁ ጠይቁ፣ ከግቢው ስትወጡም አትጣሉት።

ፈቃድ ያለው አስጎብኚ መታወቂያ ባጅ አለው። "ባጅህን ልየው" ማለት ነውር አይደለም፣ እሱም አይከፋም። መንገድ ላይ ተከትሏችሁ "ላስጎብኛችሁ" የሚል ልጅ ምናልባት ጎበዝ ሊሆን ይችላል። ግን ፈቃድ ይዞ፣ ተምሮ የተቀመጠውን ሰው እንጀራ መንካት ነው። እኔ ፈቃድ ያለውን እመርጣለሁ።

ስምምነቱን ከመግባታችሁ በፊት ጨርሱት። ንግግሩ እንዲህ ቢሆን ይበቃል፦

"ወንድሜ፣ እንዴት አደርክ? አምስት ነን። ለግቢው ብቻ ስንት ነው? መዋኛውንና ቁስቋምን ብንጨምርስ?"

"ዋጋው ለሁላችን ነው ወይስ በነፍስ ወከፍ?"

"የባጃጁን እኛ ነን የምንከፍለው? የአንተንም ጨምሮ?"

"እናቴ ደረጃ መውጣት ይከብዳታል። ቀስ እንላለን፣ ሰዓት አትቁጠርብን።"

አራተኛዋን ብዙ ሰው ይረሳታል። አስጎብኚ ሌላ ቀጠሮ ካለው እየሮጠ ነው የሚያስጎበኛችሁ። ግቢውን በደንብ ለማየት ሁለት ሰዓት ያስፈልጋል፤ ልጆችና አዛውንት ካሉ ሁለት ሰዓት ተኩል። ይህን ቀድማችሁ ንገሩት።

ከዚያ አንድ ጥያቄ ጠይቁ። "ከየት ነው የምንጀምረው?" "ከቅርቡ" ካላችሁ መንገዱን እየተከተለ ሊያሳያችሁ ነው ማለት ነው። እናንተ ግን "በነገሥታቱ ቅደም ተከተል አሳየን" በሉት። ትንሽ ወዲያ ወዲህ መመላለስ ይኖረዋል። ቢሆንም ታሪኩ ተያይዞ የሚገባችሁ በዚህ መንገድ ነው። ጥሩ አስጎብኚ ይህን ስትሉት ደስ ይለዋል፤ ሊሰማው የመጣ ሰው ማግኘቱን ያውቃል።

ሦስተኛ፦ ምን እንያዝ?

የለመደ ጫማ። ከተማው ከ2,000 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ስለሆነ ከቆላ የመጣ ሰው ትንፋሽ ሊያጥረው ይችላል። ውሃ፣ ኮፍያ፣ ዝርዝር ብር። ሴቶች ነጠላ፣ ወንዶች ሙሉ ሱሪ፤ ማምሻውን ቤተ ክርስቲያን ስለምንገባ። ካልሲ ንጹሕ ይሁን።

አራተኛ፦ ከመግባት በፊት ከውጭ ማየት

ወዲያው አትግቡ። ጃንተከል ዋርካው ሥር ትንሽ ቁሙ። ከነገሥታቱ ግቢ ፊት ያለው ይህ አደባባይ ሕዝብና ቤተ መንግሥት የሚገናኙበት ነበር። አስጎብኚው የከተማውን አመሠራረት እዚህ ቢነግራችሁ ጥሩ ነው። ከፋሲል በፊት ነገሥታቱ በድንኳን ከቦታ ቦታ ይዘዋወሩ ነበር፤ በጣና ዙሪያ እንደ ጉዛራና ጎርጎራ ያሉ መቀመጫዎችም ነበሯቸው። አፄ ሱስንዮስ የካቶሊክ እምነትን ተቀብለው አገሩ በደም ታጠበ። በ1632 ዙፋኑን ለልጃቸው ለፋሲል ለቀቁ። ፋሲል የኦርቶዶክስ እምነትን መለሱ፣ ኢየሱሳውያን ሚስዮናውያንን አባረሩ፣ በ1636 ጎንደርን መሠረቱ። ይህ ሳይገባችሁ ግንቡን ብታዩት ለምን እዚህ እንደቆመ አይገባችሁም።

ከዚያ ቅጥሩን ተመልከቱ። ርዝመቱ 900 ሜትር ገደማ ነው፤ በሮቹ ደግሞ 12። ሁሉንም መዞር ግድ አይደለም። ግን አስጎብኚው ስማቸውን እንዲነግራችሁ ጠይቁት። ፊት በር፣ ወንበር በር፣ ተዝካሮ በር፣ እምቢልታ በር፣ ባልደራስ በር፣ እልፍኝ በር፣ ራስ በር፣ እንቆዬ በር... ዳኛው በየት ይገባ እንደነበር፣ ሙዚቀኛው በየት፣ የፈረሰኛው አዛዥ በየት፣ ከስማቸው ትሰማላችሁ። እንቆዬ የእቴጌ ምንትዋብ እናት ናቸው። ስማቸውን ያዙት፤ ማታ ቁስቋም ላይ የልጃቸውን ታሪክ ትሰማላችሁ።

አምስተኛ፦ ግቢው ውስጥ፣ ከፋሲል እስከ ምንትዋብ

*የፋሲል ግንብ።* ትልቁ ይኸው ነው። ረጅሙ ማማው 32 ሜትር ገደማ ይደርሳል። አራቱም ማዕዘን ላይ እንቁላል የመሰለ ጉልላት ያላቸው ክብ ማማዎች አሉ። ምድር ቤቱ የግብርና የእንግዳ መቀበያ አዳራሽ ነበር። በግድግዳው ላይ ያለውን የዳዊት ኮከብ እንዲያሳያችሁ ጠይቁ። ወደ ላይኛው ደረጃ መውጣት ከተፈቀደ ውጡ፤ ሰማዩ የጠራ ቀን ከላይ ጣና ይታያል።

እዚህ ላይ ሁሌ የሚነሳ ጥያቄ አለ። "ፖርቹጋሎች አይደሉም የሠሩት?" ይህን አስጎብኚያችሁን በደንብ ጠይቁት። ፋሲል ኢየሱሳውያንን ያባረሩት ገና በንግሥናቸው መጀመሪያ፣ ከተማው ሳይመሠረት ነው። በአሠራሩ ላይ የህንድና የዓረብ፣ ኋላም የአውሮፓ ጥበብ አሻራ መኖሩን ባለሙያዎች ይናገራሉ። ድንጋዩን የጠረበው፣ ኖራውን ያቦካው እጅ ግን የዚህ አገር ሰው እጅ ነው። በጎንደር ግንበኝነትና አንጥረኝነት ከሚታወቁት መካከል ቤተ እስራኤላውያን ይገኙበታል። ከከተማው ወጣ ብሎ ወደ ሰሜን ያለው የወለቃ መንደር የእነሱ መኖሪያ ነበር። ንጉሡ ግንብ አለው፣ ግንበኛው ግን ምልክት የለውም። ስለዚህ "እነማን ሠሩት?" የሚለውን እናንተ አንሱት። እኔ በጉብኝቱ ውስጥ ከሁሉ የምወደው ጥያቄ ይህ ነው።

*የአፄ ዮሐንስ ቤተ መጻሕፍትና ጽሕፈት ቤት።* የፋሲል ልጅ ዮሐንስ ከ1667 እስከ 1682 ነገሡ፤ ጻድቁ ዮሐንስ ይሏቸዋል። ሕንፃዎቹ እንደ አባታቸው ግዙፍ አይደሉም። ግን መጽሐፍና ጽሕፈት ራሱን የቻለ ቤት ማግኘቱ ስለ ሰውየው ይናገራል። በዚያው በእሳቸው ዘመን፣ በ1668፣ እስላሞች ተለይተው እንዲኖሩ ተወሰነ። አዲስ ዓለም የሚባለው ሰፈር ታሪክ ከዚህ ጋር የተያያዘ ነው። አንዳንድ አስጎብኚ ይህን ዘሎ ያልፋል። አታሳልፉት። የከተማው ታሪክ የግቢው ብቻ አይደለም።

*የታላቁ ኢያሱ ግንብ።* እዚህ ጋ ጊዜ ውሰዱ። ኢያሱ የዮሐንስ ልጅ ናቸው፤ ከ1682 እስከ 1706 ነገሡ። ግንባቸው በዝሆን ጥርስ፣ በመስታወትና በወርቅ ያጌጠ ነበር ይባላል። ዛሬ ውስጡ ባዶ ነው። በ1704 የመሬት መንቀጥቀጥ ጎዳው፤ ከዚያ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጣሊያን ግቢውን ዋና ሰፈሩ አድርጎት ስለነበር የእንግሊዝ አውሮፕላን ቦምብ ወደቀበት። የጣሊያን የመጨረሻው ትልቅ ጦር እጁን የሰጠው እዚሁ ጎንደር ላይ፣ በኅዳር 1941 ነው። ባዶው ግድግዳ መሃል ቁሙና ወደ ላይ እዩ። ጣሪያ የለም፣ ሰማይ ነው የሚታየው።

የኢያሱ መጨረሻ ያሳዝናል። የሚወዷት ሴት ስትሞትባቸው ኀዘኑ ከበዳቸው፤ ወደ ጣና ደሴት ሄደው ተቀመጡ። በዚህ መሃል ልጃቸው ተክለ ሃይማኖት ነገሠ። አባቱንም አስገደለ። ይህን አስጎብኚያችሁ እዚሁ ባዶው ግንብ ውስጥ ቢነግራችሁ ይመረጣል። ከቤት ውጭ፣ ወደ ሌላው ሕንፃ እየተራመዳችሁ ብትሰሙት እንደ ወሬ ያልፋል።

አጠገቡ ያለውን የእንፋሎት መታጠቢያ ቤትም እዩ። ልጆች ካሏችሁ ደግሞ የአንበሶቹን ቤት አትርሱ፤ ለልጅ ከግንቡ ሁሉ በላይ የሚጥመው እሱ ነው።

*የዳዊት የመዝሙር ቤት።* አፄ ዳዊት ከ1716 እስከ 1721 ብቻ ነው የነገሡት። በመርዝ ሞቱ። ዜማና ጨዋታ ይወዱ ነበርና የተረፈላቸው መታሰቢያ አዳራሹ ነው።

*የበካፋ አዳራሽና የፈረስ ጋጣ።* በካፋ ከ1721 እስከ 1730 ነገሡ። ረጅም የግብር አዳራሽ ነው፤ ከጫፍ እስከ ጫፍ ተራመዱበትና የሚበላውን የሰው ብዛት ገምቱ። ስለ በካፋ ብዙ ተረት አለ። ራሳቸውን ሰውረው፣ እንደ ተራ ሰው ለብሰው አገሩን ይዞሩ ነበር ይባላል። በአንዱ ጉዞ ቋራ ላይ ታመው አንዲት ቆንጆ ልጅ አስታመመቻቸው፣ እሷም ምንትዋብ ነበረች ይላሉ።

*የምንትዋብ ግንብ።* በካፋ ሲሞቱ ልጃቸው ሁለተኛው ኢያሱ ገና ሕፃን ነበር። እናቱ ምንትዋብ ዘውድ ደፍተው፣ ብርሃን ሞገሳ ተብለው፣ ከልጃቸው ጋር አገሩን ገዙ። ግንባቸው ላይ ቀላ ባለ ድንጋይ የተቀረጹትን መስቀሎች ጠጋ ብላችሁ እዩ። ከፋሲል ግንብ ጋር አስተያዩት። የፋሲል ወታደር ይመስላል፤ የምንትዋብ ጌጥ አለው። መቶ ዓመት ያህል ሰላም ፍለጋ የተሠራ ከተማ ምን ላይ እንደደረሰ ከሁለቱ ልዩነት ይታያል።

በቅጥሩ ውስጥ ያሉትን አብያተ ክርስቲያናት፣ እልፍኝ ጊዮርጊስን፣ ግምጃ ቤት ማርያምንና አጣጣሚ ሚካኤልን፣ ቢያንስ ከውጭ ሆናችሁ ተሳለሙ። ግቢው በ1979 በዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል፤ በቅርብ ዓመታትም ሰፊ እድሳት ተደርጎለታል። ከድሮው ፎቶ ጋር አስተያይታችሁ ምኑ እንደታደሰ አስጎብኚውን ጠይቁት። የትኛው ድንጋይ የጥንት፣ የትኛው የአሁን እንደሆነ ማወቅ የጎብኚ መብት ነው።

ታሪኩን ከትውፊቱ እንዴት እንለይ?

ጎንደር ላይ ሁለቱ ተጋብተው ነው የሚኖሩት። ፋሲል ጎሽ እያሳደዱ መጥተው ቦታውን አገኙት የሚል አለ። የከተማው ስም በ"ጎ" መጀመር አለበት የሚል ትንቢት ነበር የሚልም አለ። እነዚህን አትናቁ፤ ሕዝቡ ከተማውን የሚያስታውስበት መንገድ ናቸው። ግን ለይታችሁ ያዙ።

የምትሉት ይህን ብቻ ነው፦ "ይህ በዜና መዋዕል የተጻፈ ነው ወይስ ሲወርድ ሲዋረድ የመጣ?" ጥሩ አስጎብኚ ፊቱ ይበራል። "ይሄ ትውፊት ነው፣ ያኛው ተጽፏል" ብሎ ይለይላችኋል። ሁሉንም "እውነት ነው" የሚል ከሆነ እናንተ ጠንቀቅ በሉ።

ዓመተ ምሕረት ላይም እንዲሁ። አንዱ ሰሌዳ በእኛ፣ ሌላው በአውሮፓ ይጽፋል። ልዩነቱ 7 ወይም 8 ዓመት ነው። "በኛ ነው በነሱ?" ብሎ መጠየቅ ብዙ ክርክር ያድናል።

ስታዳምጡ ደግሞ ስልኩን ወደ ኪስ። አስጎብኚው ሲጨርስ ፎቶ የምትነሱበት አምስት ደቂቃ ስጡን በሉት፤ ይሰጣችኋል። እያወራ ጀርባ መስጠት ግን ሰውየውን ያሳዝነዋል። ግድግዳ ላይ መውጣት፣ ስም መጫር፣ ድንጋይ መንካት አይገባም። ልጆቻችሁን ቀድማችሁ ምከሩ።

ስድስተኛ፦ ምሳና የከሰዓቱ መንገድ

ግቢውን ስትጨርሱ ፒያሳ ቅርብ ነው። አስጎብኚውን ምሳ ጋብዙት። ግዴታ አይደለም፣ ግን ወጉ ነው። ጥሩ ጥሩው ታሪክ ብዙ ጊዜ የሚወጣው ገበታ ላይ ነው። ፒያሳ ላይ የጣሊያን ዘመን ሕንፃዎችን፣ ፖስታ ቤቱንና ሲኒማ ቤቱን፣ እግረ መንገዳችሁን ያሳያችሁ። የአፄ ቴዎድሮስን ሐውልትም እለፉበት። ቴዎድሮስ ቋራ የተወለዱ ጀግና ናቸው፤ ጎንደርን ያቃጠሉትም እሳቸው ናቸው፣ በ1866። ሁለቱን አንድ ላይ መያዝ ለጎንደር ሰው ቀላል አይደለም። አስጎብኚያችሁ እንዴት እንደሚያወራው አዳምጡ።

ከፒያሳ እስከ ፋሲል መዋኛ ሁለት ኪሎ ሜትር ያህል ነው። አዛውንት ካሉ ባጃጅ፣ ካልሆነ በእግር።

ሰባተኛ፦ መዋኛው

ከጥምቀት ውጭ ስትመጡ ገንዳው ባዶ ነው። ብዙ ሰው "ውሃ የለውም እንዴ?" ብሎ ቅር ይለዋል። ለጥምቀት ሲቀርብ ከቀሃ ወንዝ ውሃ ይገባበታል። ባዶ ሲሆን ግን ሌላ ጥቅም አለው። መሃል ላይ የቆመውን ባለ ፎቅ ግንብ ከነእግሩ ታዩታላችሁ። የዋርካው ሥር ቅጥሩን እንዴት አቅፎ እንደያዘውም ጠጋ ብላችሁ ታያላችሁ። ሥሩ ድንጋዩን ይዞታል፣ ድንጋዩም ሥሩን።

አስጎብኚው የከተራን ሥርዓት ቆሞ ይንገራችሁ። ታቦታቱ በየት እንደሚገቡ፣ ካህናቱ የት እንደሚያድሩ፣ ውሃው የት ቆመው እንደሚባረክ። በ2019 ጥምቀት በዓለም የማይዳሰስ ቅርስነት ተመዝግቧል፤ እዚህ ገንዳ ዳር ቆሞ መስማት ሌላ ነው። ከቅጥሩ ውጭ ዞብል የሚባል ጉልላት ያለው ትንሽ ግንብ አለ። የንጉሥ ፈረስ መቃብር ነው ይባላል። ልጆች ይወዱታል።

ስምንተኛ፦ ቁስቋም

እዚህ ለመድረስ አቀበት አለ። ባጃጅ ይዛችሁ ብትወጡና በእግር ብትወርዱ ይሻላል። ከአሥር ሰዓት በፊት ድረሱ፤ በር የሚከፍተውን አባት መፈለግ ጊዜ ይወስዳል።

ቤተ ክርስቲያን ስለሆነ ሥርዓቱ ይለወጣል። ጫማ አውልቁ፣ ድምፅ ቀንሱ። የሚያስተናግዷችሁን አባት "እንደምን ዋሉ አባ፣ ይፍቱን" ብላችሁ መስቀል ተሳለሙ። ሽማግሌ ካገኛችሁ "አንቱ" በሉ፤ ጎንደር ላይ ይህ አልጠፋም። የመግቢያ ክፍያ እዚህ ለብቻው ነው። ደረሰኝ ተቀበሉ። ለፎቶ ፈቃድ ጠይቁ፣ ፍላሽ አታብሩ።

ደብረ ፀሐይ ቁስቋምን ያሠሩት ምንትዋብ ናቸው። ከቤተ ክርስቲያኑ አጠገብ የቤተ መንግሥታቸው ፍርስራሽ አለ። በ1770 ወደ ጎንደር የመጣው ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጄምስ ብሩስ ያገኛቸው በዚሁ ነው፤ በፈንጣጣ የታመሙ የቤተሰባቸውን ልጆችም አክሟል። ዛሬ የምታዩት ቤተ ክርስቲያን የኋላ ዘመን ሥራ ነው። የጥንቱን በ1888 ከሱዳን የመጡት ደርቡሾች (የማህዲ ጦር) አቃጥለውታል።

ከዚያ ዐፅሙን ለማየት ፈቃድ ጠይቁ። መስታወት ባለው ሣጥን ውስጥ የሦስት ሰዎች ዐፅም አለ፤ የምንትዋብ፣ የልጃቸው የኢያሱ፣ የልጅ ልጃቸው የኢዮአስ። ልጃቸው በ1755 ሞተ። የልጅ ልጃቸውን ራስ ሚካኤል ስሑል በ1769 አስገደሉት። ዘመነ መሳፍንት ተጀመረ የሚባለው ከዚህ ሞት ነው። ምንትዋብ ሁለቱንም ቀብረው እስከ 1773 ኖሩ። ጠዋት እንቆዬ በርን ያለፈ፣ በቀይ ድንጋይ የተቀረጸውን መስቀል ያየ ሰው ይህ ሣጥን ፊት ሲቆም የሚያየው የማያውቀውን ንጉሥ ዐፅም አይደለም። አያት፣ ልጅና የልጅ ልጅ ናቸው። ለዚህ ነው ጉዞውን በቅደም ተከተል ሂዱ የምለው። ቁስቋምን ጠዋት፣ ግቢውን ከሰዓት ያደረገ ሰው ይህ ያመልጠዋል።

ሕፃናትን ወደ ሣጥኑ ከማስገባታችሁ በፊት አስቡበት። ትልልቆቹ ይገባቸዋል፣ ትንንሾቹ ሊፈሩ ይችላሉ። ዐፅሙ ፊት ሴልፊ አትነሱ። የመታሰቢያ ቦታ ነው፤ ካህኑ ባይከለክሏችሁም ራሳችሁ ተዉት።

ኅዳር 6 የቁስቋም ዓመታዊ በዓል ነው። በዚያ ቀን ብትመጡ ምእመኑንና ዝማሬውን ታያላችሁ፣ ለጉብኝት ግን አይመችም።

መክፈልና መሰናበት

የተስማማችሁበትን ሳትቀንሱ ክፈሉ። ደስ ካላችሁ ጉርሻ ጨምሩ። ከገንዘቡ ሌላ አንድ ነገር አድርጉለት፦ ስሙን ያዙና ለሚመጣ ዘመድ ንገሩ። አበሻ ጎብኚ ሲበዛ ለአበሻ የሚያስጎበኝ ጎበዝ ሰውም ይበዛል።

ደብረ ብርሃን ሥላሴን በዚህ ቀን አላስገባሁትም። ድካም ይዞ የሚገባበት ቦታ አይደለም። ታላቁ ኢያሱ የመሠረቱት፣ ከደርቡሾች እሳት የተረፈው፣ ጣሪያው በመላእክት ፊት የተሞላው እሱ ነው። ንቦች ወጥተው ጠላትን አባረሩለት የሚለውን ትውፊትም እዚያው ትሰማላችሁ። ለማግስቱ ጠዋት አቆዩት፣ ቅዳሴ ካለቀ በኋላ። ከዚያው አስጎብኚ ጋር ብትሄዱ ይመረጣል፤ የት እንዳቆማችሁ ያውቃል።